ክሱ ምን አጠፋ? ስለ ጋብቻ ምዝገባ ለተሰራጨው ጽሑፍ የተሰጠ ምላሽ

ሰሞኑን ስለ እስራኤል የጋብቻ ምዝገባ የተጻፈ አንድ ረጅም ጽሑፍ በቴሌግራምና በዋትስአፕ እየተዘዋወረ ነው። ብዙ ሰው አንብቦታል። ብዙ ሰውም «ልክ ብለዋል» እያለ ለዘመድ ወዳጁ ልኮታል። ጽሑፉ በጥሩ አማርኛ የተጻፈ ነው። ጸሐፊው ለማኅበረሰባችን፣ ለቤተ እስራኤል (ለኢትዮጵያ አይሁዳውያን)፣ እንደሚቆረቆሩም ከአጻጻፋቸው ያስታውቃል። ዋናው ሐሳባቸው ግን ስህተት ነው ብዬ አምናለሁ። ዝም ተብሎ የሚታለፍ ስህተትም አይደለም። ወላጆቻችን በ1980ዎቹ መንገድ ላይ ተኝተው የታገሉለትን፣ እንደ ማንኛውም አይሁዳዊ የመጋባትን ነገር ለልጆቻችን «ያላስፈላጊ ጠብ ነበር» ብሎ ያስተምራልና።

መጀመሪያ ያሉትን ሳላጣምም ላስቀምጥ። ጸሐፊው እንዲህ ይላሉ፦ በእስራኤል ጋብቻ የሃይማኖት ጉዳይ ነው፤ ሕጉም የሚለው ይህንኑ ነው። ፍርድ ቤቶች ግን በምዝገባ ስም ሕጉን ሸርሽረውታል፤ የቅርቡ ማሳያ በቪዲዮ ስለተፈጸሙ ጋብቻዎች የተሰጠው የ2023ቱ የዩታ ውሳኔ ነው። የመዝገብ ሹም የመጣለትን ሁሉ ዝም ብሎ መጻፍ የለበትም፤ ማጣራት አለበት። የቤተ እስራኤል ጉዳይ በ1973 «አይሁድ ናቸው» ባለው በረቢ ኦቫድያ ዮሴፍ ውሳኔ ተዘግቶ ነበር፤ ከዚያ ወዲህ የመጣው ሰልፍና ክስ ስማችንን ከማንሳት በቀር የፈየደው የለም። ራባኑት (ጋብቻን የሚያስተዳድረው የረቢዎች ተቋም) የጠየቀውም ሚክቬ (የመንጻት ገንዳ) ገብቶ መውጣትን ብቻ ነበር፤ ለሰላም ሲባል ቢደረግ ምን ይጎዳ ነበር? ደግሞስ የትኛው አገር ነው ጋብቻን መንግሥት የማይመዘግበው? ኢትዮጵያም ውስጥ ያልተመዘገበ ጋብቻ ጋብቻ አይደለም። ደንቡን ያልወደደ ቆጵሮስ ሄዶ ይጋባ።

ሐሳባቸው ይኸው ነው። አንዳንዱ ብዙ የሚያስብል ነው፤ አንዳንዱ በአጭሩ ያልቃል። ዓመቶቹንና ወሮቹን እዚህ እስራኤል እንደምንቆጥረው በአውሮፓ አቆጣጠር እጽፋለሁ። የኢትዮጵያ ሕግ ላይ ስደርስ ብቻ ዓ.ም. እላለሁ።

መዝገቡ አንድ አይደለም

ወደ ነጥቦቹ ከመግባቴ በፊት ጽሑፉ ከመነሻው ያምታታውን አንድ ነገር ላጥራ። እስራኤል ውስጥ ጋብቻ የሚጻፍባቸው ሁለት የተለያዩ መዝገቦች አሉ።

አንዱ የራባኑት ነው። ሁለት አይሁዳውያን አገር ውስጥ ለመጋባት ሲያስቡ የሃይማኖት ምክር ቤት ሄደው ፋይል ይከፍታሉ። ይህ አሠራር ከኦቶማን ዘመን የወረደ ነው። እንግሊዞችም ሲመጡ አልነኩትም። በ1953 የወጣው የረቢ ፍርድ ቤቶች ሥልጣን ሕግ ደግሞ አጸናው፤ የአይሁድ ጋብቻና ፍቺ በአይሁድ ሃይማኖት ሕግ ይፈጸማል ይላል። ሙስሊሙም፣ ክርስቲያኑም፣ ድሩዙም በየራሱ የሃይማኖት ተቋም ይጋባል። በሲቪል ሥርዓት የሚያጋባ ማዘጋጃ ቤት አገሩ ውስጥ የለም።

ሌላው የአገር ውስጥ ጉዳይ ሚኒስቴር የሕዝብ መዝገብ ነው። ሰው «ያገባ» ወይም «ያላገባ» ተብሎ የሚጻፈው እዚህ ነው። ይህ መዝገብ ማንንም አያጋባም፤ ማንንም አያፋታም። የቀረበለትን ወረቀት አይቶ ይጽፋል።

የዩታ ክስ ከሁለተኛው መዝገብ ጋር የተያያዘ ነው። የወላጆቻችን ትግል ደግሞ ከመጀመሪያው ጋር። ጸሐፊው ሁለቱን በአንድ ስም ስለጠሯቸው በአንዱ ላይ የተሰጠው ፍርድ ሌላውን ያፈረሰ መሰላቸው። ከዚህ በኋላ የሚመጣው ስህተት ብዙው ከዚህ የመነጨ ነው።

«ዳኞቹ የሲቪል ጋብቻን በጓሮ በር አስገቡ»

የዩታው ነገር እንዲህ ነው። በኮሮና ጊዜ በአሜሪካ ዩታ ግዛት ያለ አንድ የአካባቢ አስተዳደር በቪዲዮ ማጋባት ጀመረ። ጥንዶቹ እስራኤል ቤታቸው ተቀምጠው፣ አጋቢው ዩታ ሆኖ፣ የምስክር ወረቀቱ ከዚያ ይመጣል። የአገር ውስጥ ጉዳይ ሚኒስቴር መጀመሪያ የተወሰኑትን መዘገበ። ከዚያ በ2020 ሚኒስትሩ አርዬ ዴሪ አስቆሙት። ጥንዶች ከሰሱ። በ2022 መስከረም ሎድ የሚገኘው የወረዳ ፍርድ ቤት «መዝግቡ» አለ። መንግሥት ይግባኝ ጠየቀ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም በመጋቢት 2023 ይግባኙን ውድቅ አደረገ።

ጸሐፊው ይህን «አብዮት» ብለውታል። አብዮት ቢሆን ኖሮ አዲስ ነገር በያዘ ነበር። መርሁ ግን በ1963 የተቀመጠ ነው። ያኔ አንዲት ቤልጂጋዊት ክርስቲያን አንድ እስራኤላዊ አይሁዳዊ ቆጵሮስ ውስጥ አገባች። ሚኒስቴሩ አልመዘግብም አለ። የፉንክ ሽሌዚንገር ጉዳይ ተብሎ የሚታወቀው ይህ ነው። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የመዝገብ ሹሙ ዳኛ አይደለም አለ። ሥራው መረጃ መሰብሰብ ነው። የቀረበለት ሰነድ ውሸትነቱ ፊት ለፊት የሚታይ ካልሆነ በቀር ይመዘግባል። ጋብቻው በሃይማኖት ሕግ ይጸናል አይጸናም የሚለው የሌላ መድረክ ጥያቄ ነው።

ከዚህ በኋላ የአገሪቱ ሕግ አውጪ ምክር ቤት፣ ክነሴት፣ ራሱ በ1965 የሕዝብ መዝገብ ሕግ አወጣ። ይህ ሕግ መዝገቡ ለተጻፈበት ነገር እንደ መነሻ ማስረጃ ይታያል ይልና ሃይማኖትን፣ ብሔርን፣ የጋብቻ ሁኔታንና የትዳር ጓደኛን ስም ለይቶ ያስወጣል። በእነዚህ ላይ መዝገቡ የመነሻ ማስረጃ እንኳ አይሆንም። ይህን የጻፉት ዳኞች አይደሉም። የሕዝብ ተወካዮች ናቸው። በ2006 ቶሮንቶ የተጋቡ የተመሳሳይ ጾታ ጥንዶች ጉዳይ ሲመጣም ፍርድ ቤቱ በ6 ለ1 ድምፅ ይመዝገቡ ያለው በዚሁ መርህ ነው። የምንወስነው ስለ ምዝገባው ነው፤ ስለ ጋብቻው መጽናት አይደለም ብሎ ለይቶ ጽፏል። ጸሐፊው ይህን ውሳኔ ጠቅሰዋል፤ ይህቺን ክፍል ግን ዘለዋታል።

ሌላም የዘለሉት አለ። ውጭ አገር የተጋቡ ጥንዶች ሁለቱም አይሁድ ከሆኑ ለፍቺ የሚሄዱት ወደ ረቢ ፍርድ ቤት ነው። ቆጵሮስም ይጋቡ፣ በስክሪን ይጋቡ፣ ይህ አልተለወጠም። ታዲያ የተቀማው ሥልጣን የትኛው ነው?

በአንድ ነገር ግን እስማማለሁ። በቪዲዮ ማጋባት የራሱ አደጋ አለው። ከስክሪኑ ጀርባ ማን ቆሞ ልጅቱን «እሺ በይ» እንደሚላት አጋቢው አያይም። ጸሐፊው ይህን ማንሳታቸው ተገቢ ነው። መልሱ ግን ጥንዶቹ ለየብቻ የሚጠየቁበት ጥብቅ ማጣሪያ ነው። ሚኒስትሩ ግን በግዳጅ የተፈጸመ ጋብቻ አገኘሁ ብለው አልነበረም ያስቆሙት። ክርክሩ የነበረው ሥርዓቱ የተፈጸመው እስራኤል ነው ወይስ ዩታ የሚል ነው።

ደግሞ እነማን ናቸው ወደዚህ የሚሄዱት? ከቀድሞዋ ሶቭየት ኅብረት መጥተው በመዝገብ «ሃይማኖት የለሽ» ተብለው የተጻፉ በመቶ ሺዎች የሚቆጠሩ ዜጎች አሉ። ግብር ይከፍላሉ፤ ልጆቻቸው ሠራዊት ይገባሉ። አገራቸው ውስጥ የሚያጋባቸው ግን የለም። በ2010 ለእነሱ ተብሎ አንድ ሕግ ወጥቷል፤ የሚሠራው ግን ሁለቱም ሃይማኖት የለሽ ሲሆኑ ብቻ ነው። አንዱ አይሁዳዊ ከሆነ አይጠቅማቸውም። እነዚህን ሰዎች «ሕግ ሸሺ» ማለት አግባብ አይደለም። የሚሸሹት ሕግ ቀርቶ የሚገቡበትም በር የላቸውም።

«የመዝገብ ሹም ማጣራት አለበት»

ልክ ነው፤ አለበት። የራባኑት መዝገብ የሃይማኖት መዝገብ እስከሆነ ድረስ ሹሙ ሊጋቡ የመጡት ሰዎች ነጻ መሆናቸውን፣ አይሁድ መሆናቸውን መጠየቁ ሥራው ነው። ይህን ማንም አይክድም። ጥያቄው የሚጠየቀው ማን ነው፣ እስከ የት ድረስ ነው የሚለው ነው።

እስቲ መስኮቱ ጋ ቀረብ እንበል። ጥንዶች ፋይል ሊከፍቱ ሲሄዱ መታወቂያ ይይዛሉ። የወላጆቻቸውን ክቱባ፣ ማለትም የጋብቻ ውል፣ ይዘው ይመጣሉ። ከሌለ ምስክር ያቆማሉ፤ ምስክሮቹ እነዚህ ልጆች ያላገቡና አይሁድ ናቸው ብለው ይናገራሉ። ለአንድ ከፖላንድ ለመጣ ቤተሰብ ይህ የግማሽ ቀን ጣጣ ነው። አሁን ወላጆቿ ጎንደር ገጠር የተጋቡ ልጅ አስቡ። እናትና አባቷን ያጋባቸው ቄስ፣ ማለትም የቤተ እስራኤል የሃይማኖት መሪ፣ ነው። ከነጩና ከቀዩ ክር የተሠራውን ቀሸራ ሙሽራው ግንባር ላይ አሥሯል። የአገር ሽማግሌ ቆሟል፤ አገር ሙሉ ሠርገኛ በልቷል። ራባኑት የሚያውቀው ክቱባ ግን የለም። ልጅቱ መስኮቱ ጋ ስትቆም የሚጠየቀው የእሷ ወረቀት ብቻ አይደለም፤ የሕዝቧ ታሪክ ሁሉ ነው። ከጎኗ የቆመችው ልጅ እንዲህ ያለ ጥያቄ አይነሳባትም።

ይህ ማጣራት አይባልም። ማጣራት ማለት አንድን ሰው በራሱ ጉዳይ መጠየቅ ነው። ከአንድ አገር የመጣን ሁሉ በአንድ ላይ ጠርጥሮ መነሳት ሌላ ነገር ነው።

በእኛ የተጀመረም አይደለም። ከሕንድ የመጡትን የበኔ እስራኤል አይሁዶች ታሪክ ጸሐፊው አላነሱትም፤ ማንሳት ነበረባቸው። በ1962 ራባኑት ለመዝገብ ሹሞች መመሪያ አወጣ። በኔ እስራኤል ሊጋባ ሲመጣ በእናቱ በኩል ወደ ኋላ የተቻለውን ያህል ይመርመር አለ። የሌላው ግን አይመረመርም። ሰዎቹ ዝም አላሉም። በ1964 ኢየሩሳሌም ላይ ለተቃውሞ ተቀመጡ። ጉዳዩ ክነሴት ደረሰ፤ በነሐሴ ልዩ ስብሰባ ተጠርቶ ራባኑት እንዲያርም ተጠየቀ። ከዚያ በኋላ ስማቸው ከመመሪያው ወጣ። ዛሬ የሕንድ አይሁድ ሊጋባ ሲሄድ ማን የዘር ሐረጉን ይቆጥርበታል? «ሰልፍና ክስ የሚያመጣው የለም» ለሚል ሰው ይህ አንድ ምሳሌ ብቻውን ይበቃል።

«ጉዳዩ በ1973 ተዘግቶ ነበር»

እዚህ ላይ ረዘም አድርጌ ልናገር፤ ምክንያቱም የጽሑፉ ማገር ይህ ነው።

እርግጥ ነው፣ ረቢ ኦቫድያ ዮሴፍ በ1973 የስፋራድ (ከስፔን፣ ከሰሜን አፍሪካና ከመካከለኛው ምሥራቅ የመጡ አይሁድ) ዋና ረቢ ሆነው ቤተ እስራኤል አይሁድ ናቸው፣ የዳን ነገድ ናቸው ብለው ጽፈዋል። የተመረኮዙት በ16ኛው ክፍለ ዘመን ግብጽ የነበሩት ረቢ ዳዊት ቤን ዚምራ በጻፉት ላይ ነው። ይህ ቀላል ነገር አይደለም። መንግሥት በ1975 የመመለስ ሕግ፣ አይሁድ ወደ እስራኤል ገብተው ዜጋ እንዲሆኑ የሚፈቅደው፣ ለእኛም ይሠራል ያለው ይህን ተከትሎ ነው። ለረቢ ኦቫድያ ያለብን ውለታ ትልቅ ነው። በዚህ ከጸሐፊው ጋር አንድ ነኝ።

ግን «ወደ አገር ግቡ» መባልና «ተጋቡ» መባል ሁለት የተለያዩ ፈቃዶች ሆነው ተገኙ። የአሽኬናዙ (የአውሮፓ አይሁድ) ዋና ረቢ ሽሎሞ ጎሬን አቋም መጀመሪያ ላይ ሌላ ነበር። ራባኑት እንደ ተቋም የወሰደው መንገድም ጥርጣሬ ስላለ ለጥንቃቄ ሲባል ሃይማኖት የመቀበል ሥርዓት ይፈጽሙ የሚል ነበር። ወንዶች የደም ጠብታ እንዲወጣላቸው፣ ሁሉም ሚክቬ እንዲጠልቁ፣ ትእዛዛቱን እንቀበላለን እንዲሉ። የደሙ ነገር ቀደም ብሎ ቀረ። ሚክቬው ቀጠለ።

ከዚያ ዘመቻ ሙሴ መጣ። ከ1984 ኅዳር እስከ 1985 ጥር ድረስ ሱዳን በረሃ ላይ ከነበረው ወገናችን ወደ 8 ሺህ የሚጠጋው እዚህ ደረሰ። መንገድ ላይ ልጁን የቀበረ አለ፤ እናቱን የቀበረ አለ። ኢየሩሳሌም ብሎ የወጣ ሕዝብ ነው። መጥቶ ሊያገባ ሲል «አይሁድ መሆንህ ያጠራጥራል» ተባለ። በ1985 መስከረም ወገኖቻችን ኢየሩሳሌም ራባኑት ፊት ለፊት ተቀመጡ። አንድ ወር ገደማ ቆዩ። ሕፃን የታቀፉ እናቶች፣ ነጠላ የለበሱ ሽማግሌዎች፣ ዕብራይስጥ ገና ያልያዙ ሰዎች። የጊዜው ጠቅላይ ሚኒስትር ሺሞን ፔሬስ ገብተው አሸማገሉ። ስምምነት ተባለ። መስኮቱ ላይ ግን ብዙም አልተለወጠም።

ስለዚህ ወደ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ተሄደ። ክሱ ከቀረበ በኋላ በ1980ዎቹ መጨረሻ መፍትሔ ተገኘ። የነታንያው ዋና ረቢ ዴቪድ ሸሉሽ የቤተ እስራኤልን ጋብቻ ለመመዝገብ ተሾሙ። እሳቸው ሚክቬ አይጠይቁም ነበር። ከሰሜንም ከደቡብም ጥንዶች ነታንያ እየሄዱ ተጋቡ። ይህ ፍጹም መፍትሔ አልነበረም። በራስህ ከተማ ያለው ሹም አልመዘግብህም ብሎህ አውቶቡስ ይዘህ ሌላ ከተማ መሄድ ውርደት አለው። ሆኖም ሰዎች ሳይዋረዱ የሚገቡበት አንድ በር ተከፈተ። የከፈተውም ክሱና ሰልፉ ነው። በ1991 በዘመቻ ሰሎሞን ከ14 ሺህ በላይ ሰው በአንድ ቀን ተኩል ሲገባ ያ በር ተከፍቶ ነበር የጠበቀው።

አሁን ጸሐፊውን ልጠይቅ። ጉዳዩ በ1973 ከተዘጋ፣ የራባኑት ምክር ቤት ለምን በ2019 ኅዳር ተሰብስቦ የረቢ ኦቫድያን ውሳኔ ተቀብለናል ብሎ መወሰን አስፈለገው? ውሳኔው በ2020 ጥር ነው ይፋ የሆነው። በመካከሉ 46 ዓመት አለ። የተዘጋ ጉዳይ እንዲህ አያድርም። በእነዚህ ዓመታት ውስጥ የነበረ ጥንድ ሁሉ ዕድሉ የተንጠለጠለው ፊት ለፊቱ የተቀመጠው ሹም ማንን ይሰማል በሚለው ላይ ነበር።

ክሱ «ስማችንን አነሳ» የሚለውንም አልቀበለውም። ስማችን ተነስቶ የነበረው በራባኑት ደብዳቤ ላይ ነው። ፍርድ ቤት የሄደው ያንን ስም ለማስጠራት ሳይሆን ለማጥራት ነው።

አንድ ነገር ለይቼ ላስቀምጥ። ከአያት ቅድመ አያት ወደ ክርስትና ገብተው የነበሩ ወገኖቻችን የሚያልፉበት ወደ አይሁድነት የመመለስ ሥርዓት የራሱ ክርክር ያለው ሌላ ጉዳይ ነው። ጸሐፊው ሁለቱን አንድ ላይ ጨፍልቀዋቸዋል። እኔ እዚህ የማወራው በሃይማኖታቸው ጸንተው ስለመጡት ነው።

«ሚክቬ ገብቶ መውጣት ነው፤ ምን ይጎዳል?»

ከጽሑፉ ሁሉ እኔን የከነከነኝ ይህ ነው። ጸሐፊው ከማኅበረሰባችን ስለሆኑ ይህን ከሌላ ሰው በተሻለ ያውቁታል።

የእኛ ሰው ውሃ ፈርቶ አያውቅም። ቤተ እስራኤል መንደሩን ወንዝ ዳር የሚቆረቁር ሕዝብ ነበር። ሴቷ በወር አበባዋ ጊዜ ከምትቆይበት ከደም ጎጆ ወጥታ ወንዝ ሳትወርድ ቤቷ አትገባም። ከውጭ ሰው ጋር የተነካካ ሳይታጠብ ከወገኑ አይቀላቀልም። ጎረቤቶቻችን «አትንኩኝ» ይሉን የነበረው ለዚሁ ነው። ስለዚህ «ውሃው ምን ይጎዳል» የሚለው ጥያቄ ያለ ቦታው የመጣ ነው። የተጠየቀው ውሃ አይደለም። የተጠየቀው «እስከ ዛሬ አይሁድ አልነበርኩም፤ ከዛሬ ጀምሮ ነኝ» ብሎ በአካል መፈረም ነው። ሃይማኖትህን ካልለወጥህ መሬት አይኖርህም እየተባለ ለዘመናት የኖረ ሕዝብ፣ ያንን ሁሉ ችሎ ደርሶ፣ አሁን በወገኑ እጅ «ግባና ሁን» ሲባል የሚሰማውን ለማወቅ ብዙ ማሰብ አያስፈልግም።

ራባኑት ያነሳው ሥጋት ምን ነበር? በኢትዮጵያ የነበረው ፍቺ በሃላካ፣ ማለትም በአይሁድ ሃይማኖት ሕግ፣ ሥርዓት አልተፈጸመም፤ ስለዚህ ከሁለተኛ ጋብቻ የተወለደ ልጅ የማይጋባ ሊሆን ይችላል የሚል ነው። ይህ በሃይማኖቱ ሕግ ውስጥ ትርጉም ያለው ሥጋት ነው። ጸሐፊው ይህን በሚገባ አስረድተዋል፤ ያስረዱትም በቅንነት ነው። ነገር ግን የዚያው ሃይማኖት ሊቅ የሆኑት ረቢ ኦቫድያ ሥጋቱን አይተው በሌላ መንገድ ፈተውታል። ረቢ ሸሉሽም እንደዚያው። ማለትም ክርክሩ በእምነትና በክህደት መካከል አልነበረም። በሁለት የሃይማኖት አስተያየቶች መካከል ነበር። ከሁለቱ ከባዱ ተመርጦ በእኛ ላይ ብቻ ለምን ይሠራ የሚለው ነው ወደ ዳኛ ያስኬደው።

በዚያ ላይ ዘሩ የማይታወቅ ተብሎ የተጠረጠረው ማን ነው? ልጅ ለመዳር ሰባት ቤት የሚቆጥር ሕዝብ! ሽማግሌ ተቀምጦ በአባት ሰባት፣ በእናት ሰባት ካልቆጠረ ሠርግ የለም። እናቴ እስከ ዛሬ ከሰው ጋር ስትተዋወቅ መጀመሪያ የምትጠይቀው «የማን ልጅ ነህ» ብላ ነው፤ ከዚያ ትቆጥራለች። የመዝገብ ሹሙ የሚፈልገው ዕውቀት እዚያው ፊቱ ከቆሙት ሽማግሌዎች ዘንድ ነበር። እነሱን መጠየቅ በቂ ነበር። በወረቀት ስላልሆነ እንደሌለ ተቆጠረ።

«ኢትዮጵያም ያልተመዘገበ ጋብቻ ጋብቻ አይደለም»

ይህ በአጭሩ ያልቃል፤ ሕጉ አይልምና።

በ1992 ዓ.ም. የወጣው የተሻሻለው የፌዴራል የቤተሰብ ሕግ ሦስት ዓይነት ጋብቻ ያውቃል፦ በክብር መዝገብ ሹም ፊት፣ በሃይማኖት ሥርዓት፣ በባህል ሥርዓት። ሦስቱም በሕግ ፊት ውጤታቸው እኩል ነው። መመዝገብ ግዴታ መሆኑ እውነት ነው። በ2004 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 760 ይህን አጠናክሯል፤ አገር አቀፍ ምዝገባውም በ2008 ዓ.ም. ተጀምሯል። ጸሐፊው እስከዚህ ድረስ ትክክል ናቸው።

ግን የምስክር ወረቀት ባይኖርስ? ሕጉ ራሱ ይመልሳል። ባልና ሚስት ነን ብለው አብረው የሚኖሩ፣ ዘመድና ጎረቤትም እንደዚያ የሚያያቸው ሰዎች ይህንኑ በምስክር ማስረዳት ይችላሉ። አራት ምስክር ይቆማል። ወረቀቱ ጠፋ ወይም አልተጻፈም ተብሎ ሚስት ከሚስትነቷ አትወጣም። ወረቀት ማስረጃ ነው፤ ጋብቻውን የሚፈጥረው የሁለቱ ፈቃድና ሥርዓቱ ነው።

ስለዚህ የኢትዮጵያ ምሳሌ የጸሐፊውን ሐሳብ አይደግፍም። ጎንደር ላይ በቄስ የተጋቡትን ወላጆቼን የዛሬው የኢትዮጵያ ሕግ በአራት ምስክር ባልና ሚስት ናችሁ ይላቸዋል። ጸሐፊው ምሳሌውን ባያመጡት ይሻላቸው ነበር።

«ደንቡን ያልወደደ ቆጵሮስ ይሂድ»

እዚህ ጽሑፉ ከራሱ ጋር ይጣላል። በመጀመሪያው ክፍል ውጭ አገር የተፈጸመ ጋብቻ መመዝገቡ ሕግ ማፍረስ ነው ተባለ። በመጨረሻው ክፍል ደግሞ ያልተመቸው ውጭ አገር ሄዶ ይጋባ ተባለ። ቆጵሮስ ሄዶ መጋባት ዋጋ ያለው እኮ ሲመለሱ ስለሚመዘገብ ነው። የሚመዘገበውም በ1963ቱ ክስ ምክንያት ነው። ጸሐፊው ሰውን የሚልኩበትን መንገድ የጠረገው እሳቸው የሚኮንኑት ፍርድ ቤት ነው።

በረራው አጭር ነው፣ እውነት ነው። ግን የአውሮፕላን፣ የሆቴልና የወረቀት ወጪ አለ፤ ከሥራ መቅረት አለ። ሽማግሌ አባትህና አያትህ አብረው አይመጡም። ለእኛ ሰው ሠርግ ማለት ወገን የሚሰበሰብበት ነው። ደግሞስ ከእኛ ወገን ብዙው በራባኑት መጋባት አልፈልግም አላለም። በሙሴና በእስራኤል ሕግ መጋባት ነው የፈለገው። እንደ ማንኛውም አይሁዳዊ፣ በከተማው፣ ያለ ተጨማሪ ጥያቄ። ቆጵሮስ ይህን አይሰጠውም።

ጸሐፊው አንድነታችን እንዳይከፈል ያላቸው ሥጋት ይገባኛል። ሁለት ዓይነት ጋብቻ ካለ ወደፊት ልጆቻችን ተፈላልገው ላይጋቡ ይችላሉ ይላሉ። ይህ ሥጋት የሚከበር ነው። ግን መከፋፈሉን ያመጣው ከሳሽ አይደለም። በ2013 በወጣው ማሻሻያ መሠረት በራባኑት ያልተመዘገበ የአይሁድ ጋብቻ ያስፈጸመ ሰው እስከ 2 ዓመት ሊታሰር ይችላል። በ2018 ሐምሌ ሃይፋ ላይ ራባኑት የማይቀበለው የኮንሰርቫቲቭ አይሁድ ክፍል የሆኑ አንድ ረቢ በማለዳ ከቤታቸው በፖሊስ ተወስደው የተጠየቁት በዚሁ ጉዳይ ነው። ሰውን ወደ ሌላ መንገድ የሚገፋው እንዲህ ያለ ማስፈራሪያ ነው። በዚያው ዓመት በ2013 የወጣው ሌላ ሕግ ግን ጥንዶች በመረጡት ከተማ እንዲመዘገቡ ፈቀደ። ይህኛው ሰዎችን ወደ ራባኑት አቀረበ እንጂ አላራቀም። ጸሐፊው አንድነት የሚያመጣ ደንብ ከፈለጉ ከሁለቱ የትኛውን ይመርጣሉ?

በጽሑፋቸው መጨረሻ ክፍል ሁለት ይቀጥላል ብለዋል። እንግዲያው አንድ ነገር እንዲያክሉበት እለምናለሁ። ወገኖቻችን በ1992 ቄሶቻችን ይከበሩ፣ ማጋባት ይፈቀድላቸው ብለው ዳግመኛ ኢየሩሳሌም ላይ ተቀምጠዋል። አንዳንድ ቄሶች የሃይማኖት ምክር ቤት ደመወዝተኞች ሆኑ። ቄስ ብቻውን ያጋባው ጋብቻ ግን ዛሬም በራባኑት መዝገብ አይገባም። ራባኑት በ2020 ያለ ጥርጥር አይሁድ ናችሁ ካለን፣ ያጋቡንና ያስተማሩን ቄሶች ቡራኬ ለምዝገባ የማይበቃበት ምክንያት ምንድን ነው? በክስ ሳይሆን በውይይት ይፈታ የሚሉ ከሆነ ማን ከማን ጋር፣ የት ተቀምጦ፣ እስከ መቼ እንደሚወያይ ይጻፉልን።